የጃፓን አምፕሊፋየሮች ወርቃማ ዘመን፦ ከአኪሃባራ ጉልት እስከ ዛሬ ሳሎን

በ1978 ፓዮኒር የተባለው የጃፓን ኩባንያ «ኤስኤክስ-1980» የሚል መጠሪያ የሰጠውን ባለሬዲዮ አምፕሊፋየር ለገበያ አቀረበ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ክብደቱ ከ35 ኪሎ ይበልጣል፤ ብቻውን አንስቶ መደርደሪያ ላይ ሊያስቀምጠው የሚሞክር ሰው ወገቡን ያመዋል። ለግራና ለቀኝ ስፒከር ለእያንዳንዳቸው 270 ዋት ይሰጣል። ያኔ አሜሪካ ውስጥ ዋጋው 1300 ዶላር ገደማ ነበር። ዛሬ በደንብ የታደሰ አንድ ኤስኤክስ-1980 ከተገኘ የዚያን ብዙ እጥፍ ያወጣል። የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ በአምስትና በስድስት ዓመቱ ቆሻሻ በሚሆንበት ዘመን፣ አርባ ዓመት ያለፈው ዕቃ ዋጋው እየጨመረ መሄዱ ምክንያት ሊኖረው ይገባል።

ብዙ ሰው ምክንያቱ ትዝታ ነው ይላል። ትዝታ የለበትም አልልም። ነገር ግን ዛሬ እነዚህን ዕቃዎች ከሚያሳድዱት ውስጥ ብዙዎቹ ዕቃው ከፋብሪካ ሲወጣ ገና አልተወለዱም፤ የሚያስታውሱት ነገር የላቸውም። እኔ የማምነው ሌላውን ነው። ከ1960ዎቹ አጋማሽ እስከ 1980ዎቹ መጀመሪያ ባለው አጭር ጊዜ ውስጥ የገንዘብ ምንዛሪ፣ የባለሙያ እጅ፣ የኩባንያዎች እልህና አንድ የአሜሪካ መንግሥት ደንብ በአንድ ላይ ገጠሙ። የእነዚህ መግጠም ከዚያ በፊትም ሆነ ከዚያ ወዲህ ለተራ ሸማች ያልተሠራ ዓይነት ዕቃ አስገኘ፤ ቁጥሩ የማይዋሽ፣ ተከፍቶ የሚታይ፣ ሲበላሽ የሚጠገን።

ሥሩ ሬዲዮ ነው። ጃፓን ውስጥ የሬዲዮ ስርጭት በ1925 ሲጀመር፣ በዚያው ዓመት ኦሳካ ውስጥ የሥዕል ፍሬም ይሸጥ የነበረ አንድ ሱቅ የሬዲዮ ክፍል ከፈተ፤ ዛሬ ሉክስማን የምንለው ድርጅት ከዚያ ሱቅ ወጣ። በኋላ ፓዮኒር የተባለውን ድርጅት ኖዞሙ ማትሱሞቶ በ1938 ቶኪዮ ውስጥ ሲያቋቁም ሥራው ስፒከር ነበር። ያማሃ ከሁሉም ያረጃል፤ መነሻው ቶራኩሱ ያማሃ በ1887 በሐማማትሱ ከተማ አንድ የተበላሸ ኦርጋን መጠገኑ ነው። እነዚህ ሁሉ ግን ገና ትንንሽ ቤቶች ነበሩ፤ ትልቁን ግፊት የሰጣቸው ጃፓን በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ከተሸነፈች በኋላ የመጣው ችግር ነው።

በ1945 ቶኪዮ አብዛኛዋ አመድ ነበረች። ሰው ዜና መስማት ይፈልጋል፤ ሬዲዮ ግን የለም፤ ያለውም ተበላሽቷል። ካንዳ በሚባለው ሰፈር ጎዳና ላይ ከሠራዊቱ መጋዘን የወጡ የሬዲዮ ቫልቮች፣ የሽቦ ጥቅልሎች፣ መለኪያዎች በጉልት ይቸረቸሩ ጀመር። በአቅራቢያው ያለው የኤሌክትሪክ ትምህርት ቤት ተማሪዎች ቁርጥራጩን እየገዙ ሬዲዮ ገጣጥመው ይሸጣሉ። ምናለሽ ተራን የሚያውቅ ሰው ሥዕሉ አይጠፋውም። በ1949 የአሜሪካ ጦር አስተዳደር የጎዳና ጉልት ሁሉ ይነሣ ብሎ ሲያዝ፣ ቸርቻሪዎቹ ወደ አኪሃባራ ባቡር ጣቢያ ሄደው ከሐዲዱ ድልድይ ሥር ጠባብ ጠባብ ሱቅ ያዙ። ዓለም በኤሌክትሮኒክስ ገበያነቷ የሚያውቃት አኪሃባራ የተጀመረችው እንዲህ ነው። ዕቃ ገዝቶ ከመጠቀም ይልቅ ዕቃውን ፈትቶ፣ አይቶ፣ መልሶ የሚገጥም አንድ ሙሉ ትውልድ በዚያ አደገ።

ኮሳኩ ኪኩቺ ከዚህ ትውልድ ነው። በጦርነቱ ጊዜ የሬዲዮ መለዋወጫ በሚያከፋፍል ድርጅት ሲሠራ በእጁ የሚያልፈው ዕቃ ጥራት ማጣቱ ያበሳጨው ነበር። በ1947 ሳንሱይን ሲያቋቁም ሊሠራ የመረጠው ትራንስፎርመር ነው። ምርጫው የዋዛ አይደለም። አምፕሊፋየር ለስፒከሩ የሚሰጠው ኃይል ከግድግዳው ሶኬት በትራንስፎርመሩ በኩል የገባውን ነው፤ ከየትም አይፈጥረውም። ትራንስፎርመሩ ደካማ ከሆነ ከበሮው ሲመታ ኃይሉ ይወድቃል፤ ድምፁም አብሮ ይጨማደዳል። ትራንስፎርመርን ማሳነስ ዛሬም ወጪ ለመቀነስ የሚመረጥ መንገድ ነው፤ ገዢው አያየውምና። ሳንሱይ ከዚያ ስለተነሣ፣ አምፕሊፋየር መሥራት ሲጀምርም ይህንን ክፍል አላሳነሰውም። በ1946 ደግሞ ናጋኖ ውስጥ ባለችው ኮማጋኔ የካሱጋ ወንድማማቾች ካሱጋ ሬዲዮ የተባለ ድርጅት አቋቋሙ፤ በኋላ ትሪዮ ተባለ፤ ወደ ውጭ ሲልክ ኬንውድ በሚል ስም ይሸጥ ነበር። ፓዮኒር፣ ሳንሱይ፣ ትሪዮ፦ ጃፓኖች ሦስቱን የድምፅ ታላላቅ ቤቶች ይሏቸው ነበር።

ፋብሪካ ብቻውን ግን ይህን ታሪክ አይሠራም፤ የሚሰማ ጆሮም ያስፈልጋል። ለእኔ ከታሪኩ ሁሉ ተገቢው ትኩረት ያልተሰጠው ይህኛው ክፍል ነው። በዚያ ዘመን ከውጭ የሚገባ ሸክላ ለተራ ደመወዝተኛ አይቀመስም ነበር፤ ጥሩ ማጫወቻማ ከዚያም የባሰ ነው። መፍትሔው ቡና ቤት ሆነ። ቶኪዮ ሺቡያ ውስጥ ያለው «ላዮን» ከ1926 ጀምሮ ክላሲካል ሙዚቃ ያሰማል። ዮኮሃማ ውስጥ ማሞሩ ዮሺዳ በ1933 «ቺጉሳ» የተባለ የጃዝ ቡና ቤት ከፈተ፤ ቤቱም ሸክላዎቹም በ1945 የአየር ድብደባ ወደሙ፤ ከጦርነቱ በኋላ እንደገና ከፈተው። እንዲህ ባሉ ቤቶች ደንበኛው አንድ ስኒ ቡና አዝዞ ለሰዓታት ይቀመጣል፤ ማውራት ነውር ነው። ወንበሮቹ ብዙ ጊዜ ወደ ስፒከሩ የዞሩ ናቸው። የቤቱ ባለቤት ዝናው የሚለካው በሸክላዎቹና በድምፁ ጥራት ስለነበር፣ አንዱ ከሌላው እየተፎካከረ መሣሪያውን ያሻሽላል። ተማሪው ከዚያ ወጥቶ ሥራ ሲይዝ፣ የመጀመሪያ ቁጠባውን ምን ላይ እንደሚያውል ያውቃል። ኩባንያዎቹ ያገኙት ገበያ ይህ ነው፤ ጥሩውን ከመጥፎው በጆሮው የሚለይ ገበያ።

የሕዝብ ሬዲዮ ጣቢያውም የበኩሉን አድርጓል። ኤንኤችኬ በ1954 ስቴሪዮ ሙዚቃ በመደበኛ ፕሮግራም ማሰራጨት ሲጀምር፣ ግራውን ድምፅ በአንዱ ጣቢያ፣ ቀኙን በሌላው ጣቢያ ነበር የሚልከው። አድማጩ ሁለት ሬዲዮ አንድ ላይ ከፍቶ መካከላቸው መቀመጥ አለበት። በ1969 ደግሞ የኤፍኤም ስርጭቱ በመላ አገሪቱ በይፋ ሲጀመር፣ ጥሩ ሬዲዮ ያለው ሰው ጥሩ ሙዚቃ በነፃ የሚሰማበት ዘመን መጣ። ባለሬዲዮ አምፕሊፋየር ያን ያህል የተወደደበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

ወደ 1965 እንምጣ። በዚያ ዓመት ሳንሱይ «ኤዩ-111» የተባለውን ባለቫልቭ አምፕሊፋየር አወጣ፤ በዚያው ዓመት ሶኒ ሙሉ በሙሉ በሲሊከን ትራንዚስተር የሚሠራውን «ቲኤ-1120» አቀረበ። አንዱ የሚሰናበተው ዘመን ትልቅ ሥራ ነው፤ ሌላው የሚመጣው ዘመን መክፈቻ። ቫልቭ ይግላል፣ ያረጃል፣ ድምፁን ወደ ስፒከር የሚያስተላልፍ ሌላ ውድ ትራንስፎርመር ይፈልጋል። ትራንዚስተር ይህ ሁሉ አያስፈልገውም። የመጀመሪያዎቹ ትራንዚስተር አምፕሊፋየሮች ሸካራ ድምፅ ነበራቸው፣ ቶሎም ይቃጠሉ ነበር። ሥራው እስኪበስል የተወሰኑ ዓመታት ፈጀ። ሲበስል ግን ጃፓኖቹ ቀድመው ተገኙ።

ዋጋው ደግሞ ለውጭ ገዢ ርካሽ ነበር። ከ1949 እስከ 1971 ድረስ አንድ የአሜሪካ ዶላር በ360 የን ይመነዘር ነበር። 36,000 የን የሚያወጣ አምፕሊፋየር ለአሜሪካዊው 100 ዶላር ነው ማለት ነው። ያን ያህል ብረትና ያን ያህል የእጅ ሥራ በዚያ ዋጋ ሊሸጥ የሚችል የአሜሪካም ሆነ የአውሮፓ ፋብሪካ አልነበረም። ወሬውን ያደረሱት ደግሞ ወታደሮች ናቸው። በቬትናም ጦርነት ጊዜ በኦኪናዋ፣ በጃፓንና በቬትናም ሠፍረው የነበሩ አሜሪካውያን ወታደሮች በጦር ሰፈራቸው መደብር ከቀረጥ ነፃ የጃፓን ስቴሪዮ ይገዙ ነበር። ከካታሎግ መርጦ በቀጥታ ወደ አገር ቤት ማስላክም ይቻል ነበር። ወጣቱ ወታደር ከጦርነቱ ሲመለስ ሳንሱይና ፓዮኒር የሚባሉ ስሞች ወደ ትንንሽ የአሜሪካ ከተሞች አብረውት ገቡ። ከብዙ የአሜሪካ ቤተሰብ ምድር ቤት ዛሬ አቧራ ለብሰው የሚወጡት ዕቃዎች ታሪክ በአብዛኛው ከዚህ ይጀምራል።

የአሜሪካ ስሞችም ወደ ጃፓን ሄዱ። ሶል ማራንትዝ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ኒው ዮርክ ኪው ጋርደንስ ከሚገኘው ቤቱ የጀመረው ድርጅት በዘመኑ ከሁሉ የሚከበር ነበር፤ ግን ገንዘብ አጠረውና በ1964 ሱፐርስኮፕ ለተባለ ኩባንያ ተሸጠ። ሱፐርስኮፕ ማምረቱን ጃፓን ውስጥ ላለ ፋብሪካ ሰጠ። ያለብዙ ማጋነን ከሁሉም የሚታወቀው «ማራንትዝ 2270» በ1971 የተወለደው ከዚህ ጋብቻ ነው። አሜሪካዊ ንድፍና ስም፣ ጃፓናዊ እጅ።

አሁን ከሁሉ ወሳኝ ወደምለው ነገር ደረስን። በ1960ዎቹ መጨረሻ የአምፕሊፋየር ማስታወቂያ የውሸት ሜዳ ነበር። ዋት የሚለካበት ስምምነት ስላልነበረ፣ እያንዳንዱ ሻጭ የመሰለውን ቁጥር ይጽፋል። ለቅጽበት ብቻ የሚገኘውን ኃይል ይወስዳል፤ የግራና የቀኙን ይደምራል፤ አንዳንዱ ያንኑ መልሶ በሁለት ያባዛዋል። በሐቅ 15 ዋት የማያልፍ ዕቃ የዚያን ብዙ እጥፍ ተለጥፎበት ይሸጥ ነበር። በ1974 የአሜሪካ ፌዴራል ንግድ ኮሚሽን ይህን የሚያስቆም ደንብ አወጣ፤ በዚያው ዓመት ኅዳር ተግባራዊ ሆነ። ኃይል ሲገለጽ ያለማቋረጥ የሚሰጠው፣ ሁለቱም ቻናሎች አብረው እየሠሩ፣ ከወፍራሙ ድምፅ እስከ ቀጭኑ፣ የድምፁ መዛባትም መጠኑ ተነግሮ መሆን አለበት።

ደንቡ አንድ ተጨማሪ ነገር ይዞ ነበር፤ ከአንቀጾቹ ሁሉ ዕቃውን የለወጠው ይህ ነው። ከመለካቱ በፊት አምፕሊፋየሩ በሙሉ ኃይሉ ሲሶ ለአንድ ሰዓት እንዲሠራ ያዝዝ ነበር። ሲሶ ቀላል ይመስላል፤ ነገሩ ግን ተቃራኒው ነው። የተለመደው ዓይነት አምፕሊፋየር እጅግ የሚግለው በሙሉ ኃይል ሲሠራ ሳይሆን ከሲሶ እስከ ግማሽ ባለው ኃይል አካባቢ ነው፤ ያኔ ከሶኬት ከሚገባው ኃይል ብዙው ወደ ስፒከር ሳይሄድ ትራንዚስተሮቹ ላይ ሙቀት ሆኖ ይቀራል። አንድ ሰዓት ሙሉ እንዲህ ሲግል ሙቀቱን የሚያወጣለት ወፍራም የአሉሚኒየም ክንፍ የሌለው ዕቃ ይቃጠላል። ስለዚህ 100 ዋት ብሎ መጻፍ የፈለገ ኩባንያ በእውነት 100 ዋት የሚችል ትራንስፎርመር፣ ኃይል የሚያጠራቅም ካፓሲተርና ማቀዝቀዣ ማስገባት ግድ ሆነበት። ብዙ የአሜሪካ ርካሽ ዕቃ ሻጮች የሚጽፉት የዋት ቁጥር በአንድ ሌሊት ተንኮታኮተ። እንደ ሳንሱይ ትራንስፎርመር በመሥራት ለጀመሩ ጃፓኖች ግን ደንቡ እንደ ግብዣ ነበር። የ1970ዎቹን መጨረሻ ዕቃዎች ያን ያህል ያከበዳቸው አንድ የንግድ ደንብ ነው ብል ማጋነን አይደለም።

ከዚያ ወዲያ እልህ ገባ። ፓዮኒር በ1976 «ኤስኤክስ-1250» የተባለውን በ160 ዋት አወጣ። ሌሎቹ አለፉት። ፓዮኒር በ1978 ወደ 270 ከፍ አለ። ማራንትዝ «2600» በ300 ዋት መለሰ፤ ሳንሱይም በ«ጂ-33000» 300 ደረሰ፤ ቴክኒክስ በ«ኤስኤ-1000» 330 አደረሰው። ለማን እንደሆነ መጠየቅ ተገቢ ነው። ተራ ስፒከር አንድ ዋት ሲሰጠው ሳሎን ለሚቀመጥ ሰው የሚበቃ ድምፅ ያወጣል፤ የጮኸ የሙዚቃ ቅጽበት አሥርና ሃያ ዋት ይጠይቅ ይሆናል። ኃይል በእጥፍ ሲጨምር ደግሞ ጆሮ የሚሰማው ለውጥ ትንሽ ነው። ከ70 ዋት ወደ 270 መውጣት በቁጥር አራት እጥፍ ገደማ ቢሆንም በጆሮ እጥፍ እንኳ አይሞላም። ስለዚህ ግዙፎቹን የማደንቀው በምህንድስናቸው ነው እንጂ ለሰው ቤት ምረጡ ብባል ከ40 እስከ 80 ዋት ያሉትን እመርጣለሁ፤ ያንኑ ሙያ፣ ያንኑ ድምፅ በሚሸከሙት ክብደት ይሰጣሉ።

ክዳኑ ቢከፈት ምን ይታያል? ማራንትዝ 2270ን እንውሰድ። ፊቱ ወፍራም የአሉሚኒየም ሰሌዳ ነው፤ ቁልፎቹም አሉሚኒየም ናቸው፤ ፕላስቲክ አይነካዎትም። ጣቢያ መፈለጊያው እንደ ሌሎቹ ክብ ቁልፍ አይደለም፤ ከሰሌዳው ጠርዙ ብቻ ብቅ ያለ የተጋደመ ከባድ ጎማ ነው። በጣት ገፋ ሲያደርጉት በራሱ ክብደት ይንሸራተታል፤ መርፌው በሰማያዊ ብርሃን ላይ ከጣቢያ ጣቢያ ያልፋል። ውስጡ ሲገቡ በአንድ ወገን ትራንስፎርመሩ፣ ከጎኑ ወፋፍራም ካፓሲተሮች ቆመዋል። የኃይል ትራንዚስተሮቹ የብረት ቆብ ያላቸው፣ በማቀዝቀዣው ክንፍ ላይ በብሎን የታሰሩ ናቸው። የሬዲዮው ሰሌዳ ለብቻ፣ የሸክላ ማጫወቻው መግቢያ ሰሌዳ ለብቻ፣ የወፍራምና የቀጭን ድምፅ ማስተካከያው ለብቻ ነው። እያንዳንዱ ክፍል በዓይን ይታያል፤ በእጅ ይደረስበታል። ለጠጋኝ የተዘጋጀው መመሪያ ደግሞ ሙሉ የመስመር ንድፉን ይዞ በየነጥቡ ስንት ቮልት መገኘት እንዳለበት ይናገራል። ይህን ዕቃ የሠራው መሐንዲስ ከሃምሳ ዓመት በኋላ ሌላ ሰው እንደሚከፍተው ያወቀ ይመስላል።

ሁሉም እንዲህ ለጠጋኝ የሚመች ነው ማለት ግን አይደለም። በቶሆኩ ዩኒቨርሲቲ ጁንኢቺ ኒሺዛዋ በ1950 ከፈለሰፈው ሐሳብ የተነሣ ትራንዚስተር፣ ቪ-ፌት የሚባለው፣ በ1974 በያማሃ «ቢ-1» ላይ ዋለ፤ ሶኒም በራሱ ዓይነት ሠራው። ድምፁን የሚያደንቁት ብዙ ናቸው፤ እኔም ከእነሱ አንዱ ነኝ። ነገር ግን ያ ትራንዚስተር መመረቱ ካቆመ ቆየ፤ አንዱ ቢቃጠል ምትኩ ከሌላ ሬሳ ዕቃ ካልተነቀለ አይገኝም። ያማሃ ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ ያወጣው «ሲኤ-1000» ግን በተለመዱ ክፍሎች የተሠራ ነው፤ ፊቱ ላይ ባለ አንድ ማብሪያ ኃይሉን ዝቅ አድርጎ በጠራው «ክላስ ኤ» አሠራር እንዲሠራ ያደርጋል። ለሚገዛ ሰው ሁለተኛውን እመክራለሁ።

ይህ ዘመን እንዴት አለቀ? የምንዛሪው ምቾት በ1971 መፍረስ ጀመረ፤ በ1973 የን በገበያ ዋጋ መመንዘር ጀመረ። በመስከረም 1985 ትልልቆቹ ኢኮኖሚዎች ኒው ዮርክ ውስጥ ባደረጉት ስምምነት ማግስት ደግሞ አንድ ዶላር ከ240 የን ገደማ በዓመት ከመንፈቅ ውስጥ ወደ 150 አካባቢ ወረደ። ከባድ ብረት ወደ ውጭ መላክ ከዚያ በኋላ አላዋጣም። በጥቅምት 1982 ሲዲ ጃፓን ውስጥ ለሽያጭ ሲቀርብ የሸማቹ ዓይን ወደ አዲሱ ዞረ፤ ቪዲዮና የቤት ኮምፒዩተርም ገንዘቡን ተሻሙ። በአምፕሊፋየሩ ውስጥ ብዙ ክፍሎችን ተክቶ የሚሠራ አንድ የታሸገ ሞጁል መግባት ጀመረ፤ ሲቃጠል ሙሉው ይጣላል። አሉሚኒየሙ በፕላስቲክ ተተካ። ጥሩ ዕቃ መሠራቱ አልቆመም፤ ጥሩ ዕቃ ለተራ ሰው መሠራቱ ነው የቆመው።

ኩባንያዎቹስ? ትሪዮ በ1986 ኬንውድ ተባለ፤ በ2008 ከጄቪሲ ጋር ተዋሐደ። ሳንሱይን በ1989 ፖሊ ፔክ የተባለ የእንግሊዝ ኩባንያ ገዛው፤ ገዢው ራሱ በዓመቱ ወደቀ፤ ሳንሱይ ሲንገታገት ቆይቶ በ2014 ከሰረ። ፓዮኒር የቤት ድምፅ ሥራውን በ2015 ለኦንኪዮ አስረከበ፤ ኦንኪዮም በ2022 ከሰረ። ከሦስቱ ታላላቅ ቤቶች አንዱም እንደነበረ አልቆየም። የጸናው ከዚያ ፉክክር በጊዜ የወጣው ነው። የካሱጋ ወንድማማቾች በ1972 ራሳቸው ያቋቋሙትን ትሪዮ ትተው፣ ብዛት ሳይሆን ጥራት እንከተላለን ብለው ሌላ አነስተኛ ድርጅት መሠረቱ። ዛሬ አኩፌዝ የሚባለው ይህ ድርጅት ዮኮሃማ ውስጥ አሁንም ይሠራል፤ የድሮ ዕቃዎቹንም ተቀብሎ ይጠግናል። ከዚህ ታሪክ ሁሉ እኔን የሚያረካኝ ይህ ነው።

ወደ ድምፁ እንምጣ፤ ክርክሩ የሚጦፈው እዚህ ላይ ስለሆነ። «የጃፓን አሮጌ ዕቃ ድምፁ ሞቃት ነው» የሚለው አባባል ብዙ ጊዜ ይሰማል። ግማሹ እውነት ነው። በመልካም ሁኔታ ያለ የ1970ዎቹ አምፕሊፋየርና በመልካም ሁኔታ ያለ የዛሬ አምፕሊፋየር፣ ሁለቱም ከአቅማቸው በታች ሲሠሩ፣ ልዩነታቸው ከሚወራው ያነሰ ነው። ሰዎች «ሙቀት» የሚሉት አንዳንዴ ያረጀ ካፓሲተር ቀጭኑን ድምፅ ሸርፎት ነው። የእነዚህ ዕቃዎች እውነተኛ ብልጫ ሌላ ቦታ ነው፦ የተረፈ ኃይል አላቸው፤ ለመንዳት የሚያስቸግር ስፒከር አያሸንፋቸውም፤ የሸክላ ማጫወቻ መግቢያቸው ከዛሬዎቹ ርካሽ ዕቃዎች በብዙ የተሻለ ነው፤ ወፍራምና ቀጭን ድምፅ ማስተካከያ አላቸው፤ ዛሬ ብዙ ውድ አምፕሊፋየሮች ይህን አውጥተው ጥለውታል። ማታ ድምፅ ዝቅ አድርጎ የሚያዳምጥ ሰው ይህ ማስተካከያ ምን ያህል እንደሚጠቅም ያውቃል።

ዕድሜ ግን ዕድሜ ነው። ካፓሲተር ውስጥ ያለው ፈሳሽ በጊዜና በሙቀት ይደርቃል። የቁልፎቹ መገናኛ ይዝግና ሲዞሩ ይንኮሻኮሻሉ። አንዳንድ ኩባንያዎች ክፍሎችን ለማጣበቅ የተጠቀሙበት ማጣበቂያ ሲያረጅ ቡናማ ሆኖ የክፍሎቹን እግር ይበላል፤ ኤሌክትሪክም ያስተላልፋል። ጥንቁቅ ጠጋኝ እንዲህ ያለ ዕቃ ሲመጣለት ቶሎ ሶኬት ውስጥ አይሰካውም። በሶኬቱና በዕቃው መካከል የድሮውን ዓይነት ባለክር አምፖል በመደዳ ያገናኛል። ዕቃው ውስጥ የተቃጠለ ነገር ካለ አምፖሉ ቦግ ብሎ ይቀራል፤ ኃይሉን አምፖሉ ስለወሰደው ዕቃው አይጎዳም። ደህና ከሆነ አምፖሉ ካፓሲተሮቹ እስኪሞሉ ለአፍታ በርቶ ይደበዝዛል፤ ጥቂት ሰከንድ ቆይቶ ስፒከሩን የሚያገናኘው መከላከያ ሪሌ «ቀጭ» ይላል። ቀጥሎ በስፒከር መውጫው ላይ ቮልት ይለካል፤ ከዜሮ ጥቂት ሚሊ ቮልት በላይ መራቅ የለበትም። ትራንዚስተሮቹ ሥራ ሳይኖራቸው የሚያሳልፉትን ትንሽ ኃይል መመሪያው በሚለው ልክ ያስተካክላል። ይህ ሁሉ በመልቲሜትር፣ በብየዳ እርሳስና በትዕግሥት የሚሠራ ነው፤ የፋብሪካ ኮምፒዩተር አይጠይቅም። ዛሬ የሚሸጥ አምፕሊፋየር በዓይን የማይታይ ቺፕ ሲሞትበት ማን እንዲህ ሊያደርግለት ይችላል?

ለእኛ ጉዳዩ ከሩቅ ብቻ የሚታይ አይደለም። አምሃ ሪከርድስ በ1969 ከጀመረው ዘመን የወጡ የኢትዮጵያ ሸክላዎች በቅርብ ዓመታት አውሮፓ ውስጥ እንደገና እየታተሙ ነው፤ ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭና ስቶክሆልም ያሉ ወጣቶቻችን ሸክላ ማጫወቻና አሮጌ አምፕሊፋየር መፈለግ ጀምረዋል። ወደ አገር ቤት ይዞ የሚመጣም አለ። እዚህ ላይ አደጋው ቮልት ነው። የጃፓን የቤት ኤሌክትሪክ 100 ቮልት ነው፤ የአሜሪካ 120 ነው፤ የእኛ 220። ለጃፓን ወይም ለአሜሪካ ገበያ የተሠራውን በቀጥታ ሶኬት ውስጥ የሰካ ሰው ሃምሳ ዓመት የኖረ ዕቃ በሰከንዶች ውስጥ ያጠፋል። ለአሜሪካ ወታደሮች መደብር የተሠሩት ብዙዎቹ ግን ጀርባቸው ላይ የቮልት መምረጫ አላቸው፤ ለአዲስ አበባ ከሁሉም የሚመቹት እነዚያ ናቸው።

ስለዚህ ከወላጆችዎ ወይም ከአጎትዎ ቤት ሳንሱይ፣ ፓዮኒር፣ ማራንትዝ፣ ያማሃ ወይም ኬንውድ የሚል ከባድ የብረት ሣጥን ካገኙ፣ ለቁርጥራጭ ብረት ገዢ አይስጡት። ለዓመታት ያልበራ ከሆነ እንዲያው ለመሞከር ብለውም አይስኩት። መጀመሪያ ጀርባው ላይ የተጻፈውን ቮልትና የሚፈልገውን ዋት ያንብቡ፤ 100 ወይም 120 ከሆነ ከዚያ ዋት በላይ የሚችል መቀየሪያ ትራንስፎርመር ያዘጋጁ። ከዚያ በአምፖል ፈትሾ የሚያበራ ጠጋኝ ጋር ይውሰዱት፤ ካፓሲተርና ሪሌ ለመቀየር የሚጠይቅዎትንም ዋጋ አይሟገቱት።